ቬዳ፣ ጊታ ወይስ የታሚል መዝሙራት? የሂንዱ ጥንታዊ መጻሕፍትንና ቋንቋዎቻቸውን ለማጥናት ለሚያስቡ የንጽጽር መመሪያ

የሂንዱ ሃይማኖት ጥንታዊ መጻሕፍትን በተደረሱበት ቋንቋ ማንበብ የሚሻ ሰው አብዛኛውን ጊዜ አስቀድሞ የሚጠይቀው ሳንስክሪት ለመማር ምን ያህል ጊዜ እንደሚፈጅ ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ነገር ግን የሚቀድመው ሌላ ጥያቄ አለ፤ እርሱም ማንበብ የምፈልገው የትኛውን መጽሐፍ ነው የሚለው ነው። የሂንዱ ቅዱሳት መጻሕፍት እንደ መጽሐፍ ቅዱስ ወይም እንደ ቁርኣን በአንድ ጥራዝ ተጠቃለው የሚገኙ አይደሉም። ከሁለት ሺህ ዓመት በላይ በፈጀ ዘመን፣ በተለያዩ አካባቢዎች፣ ከፊሎቹ የቬዳ በሚባለው ጥንታዊው ሳንስክሪት፣ ከፊሎቹ ክላሲካል በሚባለው በኋለኛው፣ ሌሎቹ ደግሞ ከሳንስክሪት ጋር ምንም የዘር ግንኙነት በሌለው ቋንቋ የተደረሱ ናቸው። ለሪግቬዳ የሚያበቃ ዝግጅት ለብሃጋቫድ ጊታ ከሚያስፈልገው ይለያል፤ የታሚል መዝሙራትን ለማንበብ ደግሞ ሁለቱም ዝግጅቶች አያገለግሉም። ስለዚህ ይህ መመሪያ መጽሐፉን ከቋንቋው፣ ቋንቋውንም ከትምህርቱ ስልት ጋር እያያዘ አማራጮቹን ያነጻጽራል፤ ጸሐፊው የሚመርጠውንም በየቦታው ይናገራል። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መጻሕፍቱ የሚከፈሉባቸው ሁለት ወገኖች

የሂንዱ ሊቃውንት ራሳቸው መጻሕፍቱን በሁለት ወገን ይመድቧቸዋል። የመጀመሪያው «ሽሩቲ» ይባላል፤ «የተሰማ» ማለት ሲሆን፣ ጥንታውያን ባለ ራእዮች የሰሙት እንጂ ሰው የደረሰው አይደለም ተብሎ ይታመናል። ሪግቬዳ፣ ሳማቬዳ፣ ያጁርቬዳና አታርቫቬዳ የሚባሉት አራቱ ቬዳዎች፣ የመሥዋዕቱን ሥርዓት ከሚያብራሩት ብራህማናዎች፣ ከአራንያካዎችና ስለ ነፍስና ስለ ሁለንተና ምንነት ከሚመረምሩት ኡፓኒሻዶች ጋር በዚህ ወገን ይካተታሉ። ሁለተኛው «ስምሪቲ» ማለትም «የታወሰ» የሚባለው ሲሆን፣ ማሃባራታና ራማያና የተባሉትን ታላላቅ ገድላት (ብሃጋቫድ ጊታ፣ ባጭሩ ጊታ፣ የማሃባራታ ክፍል ነው)፣ ስለ አማልክትና ስለ ጥንት ነገሥታት የሚተርኩትን ፑራናዎችንና የሕግ መጻሕፍትን ይይዛል።

በክብር ደረጃ ሽሩቲ ይበልጣል። በዕለት ተዕለት የአምልኮ ኑሮ ግን ሰዉ ይበልጥ የሚያውቀው፣ የሚተርከውና የሚዘምረው ስምሪቲን እንዲሁም በየአካባቢው ቋንቋ የተደረሱ መዝሙራትን ነው። ይህ ልዩነት ለመራጩ ትልቅ ነገር ነው፤ የሃይማኖቱን ጥንተ መሠረት መመርመር የሚፈልግና ዛሬ ሕያው ሆኖ የሚታየውን እምነት መረዳት የሚፈልግ ሁለት ሰዎች መጽሐፋቸውም ቋንቋቸውም አንድ ላይሆን ይችላል።

ክላሲካል ሳንስክሪት፦ ብዙውን በር የሚከፍተው ቋንቋ

ከክርስቶስ ልደት በፊት በ5ኛው ወይም በ4ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ገደማ የነበረው ፓኒኒ የተባለው የሰዋስው ሊቅ፣ 4,000 ያህል እጅግ አጫጭር ደንቦችን በስምንት መጻሕፍት ከፍሎ አሽታድያዪ የሚባለውን ድርሰት አዘጋጀ። ከዚያ ወዲህ የተማሩ ሰዎች ሳንስክሪት በዚህ ሰዋስው ልክ ጸንቶ ስለቆየ፣ ቋንቋውን አንድ ጊዜ የተማረ ሰው ከሺህ ዓመት በላይ ተራርቀው የተጻፉ ድርሰቶችን በዚያው ዕውቀት ማንበብ ይችላል። ማሃባራታና ራማያና ከፓኒኒ ደንብ አልፎ አልፎ ቢያፈነግጡም፣ ክላሲካሉን ያወቀ አንባቢ አይቸገርባቸውም።

ቋንቋው ከባድ ነው ይባላል፤ ክብደቱ የት ላይ እንዳለ ማወቅ ግን ይጠቅማል። ሳንስክሪት ሦስት ፆታ፣ ስምንት የስም አገባብና ሦስት ቁጥር አለው፤ ሦስተኛው ቁጥር ለሁለት ነገሮች ብቻ የሚያገለግለው ጥንድ ቁጥር ስለሆነ፣ ዐረብኛ የሚያውቅ ሰው በዚህ አይደነቅም። አማርኛ «በ»፣ «ለ»፣ «ከ»፣ «የ» እያለ በስሙ ፊት የሚያስቀምጠውን ሳንስክሪት በስሙ መጨረሻ ላይ ያስቀምጠዋል። «ዴቨ» አምላክ ማለት ነው፤ ባለቤት ሲሆን «ዴቨህ»፣ አምላክን ለማለት «ዴቨም»፣ በአምላክ አማካይነት «ዴቬነ»፣ ለአምላክ «ዴቫየ»፣ ከአምላክ «ዴቫት»፣ የአምላክ «ዴቨስየ»፣ በአምላክ ዘንድ «ዴቬ»፣ አምላክ ሆይ ለማለት ደግሞ «ዴቨ» ይላል። ተማሪው መጀመሪያ የሚያጠናው ሰንጠረዥ አብዛኛውን ጊዜ የዚህ ዐይነት ስም ርቢ ነው።

የእንግሊዝኛ መማሪያዎች የማይነግሩን፣ ለአማርኛ ተናጋሪ ግን እጅግ የሚረዳ አንድ ነገር አለ። የሳንስክሪት አረፍተ ነገር እንደ አማርኛው ግሱን አብዛኛውን ጊዜ በመጨረሻ ያደርጋል፤ ከዋናው ድርጊት በፊት የተፈጸሙትንም ድርጊቶች እኛ «አይቶ፣ ሄዶ፣ ሰምቶ» እያልን እንደምንደረድራቸው ሁሉ በቦዝ አንቀጽ ይደረድራቸዋል። የጊታ የመጀመሪያው ምዕራፍ ሁለተኛው ስንኝ እንዲህ ይላል፦

ድሪሽትቫ ቱ ፓንደቫኒከም ቭዩደም ዱርዮደነስ ተዳ
ኣቻርየም ኡፐሰንገምየ ራጃ ቨቸነም አብረቪት

ቃል በቃል ሲፈታ፣ ንጉሥ ዱርዮዳና በዚያን ጊዜ የተሰለፈውን የፓንዳቫዎችን ሠራዊት አይቶ፣ ወደ መምህሩ ቀርቦ፣ ቃል ተናገረ ማለት ነው። «ድሪሽትቫ» አይቶ፣ «ኡፐሰንገምየ» ቀርቦ፣ «አብረቪት» ተናገረ። እንግሊዝኛ ይህን ለመግለጽ አረፍተ ነገሩን መሰባበር ወይም ማጣመም ይገደዳል፤ አማርኛ ግን እንደ ወረደ ይቀበለዋል። በአማርኛ የሚያስብ ተማሪ የሳንስክሪትን ረጅም ትረካ ለመከተል የተሻለ ዝግጁነት ይዞ የሚጀምረው በዚህ ምክንያት ነው፤ ይህንንም ዕድል በእንግሊዝኛ ማብራሪያ ብቻ ተመርቶ ማባከን የለበትም። ሲያጠና ትርጉሙን በደብተሩ ላይ በአማርኛ ይጻፍ።

እውነተኛው ፈተና ያለው በሌላ ቦታ ነው። ቃላት ሲገናኙ መጨረሻቸውና መነሻቸው ድምፅ ይለውጣል ወይም ይዋሐዳል፤ ይህም «ሳንዲ» ይባላል። ብዙ ቃላትም ያለ አገባብ ምልክት ተጣብቀው አንድ ረጅም ቃል ይሆናሉ። ጀማሪ በመዝገበ ቃላት ፈልጎ የሚያጣው ቃሉ ስለሌለ ሳይሆን የት ላይ እንደሚቆረጥ ስላላወቀ ነው። ለዚህ መድኃኒቱ በየቀኑ ጥቂት ስንኞችን እየቆራረጡ መፍታት ብቻ ነው።

የቬዳ ሳንስክሪት፦ የጥንቱን ለሚፈልግ

ሪግቬዳ ከቬዳዎቹ ሁሉ ጥንታዊው ሲሆን፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ1500 እስከ 1000 ባለው ጊዜ ውስጥ እንደተደረሰ በሰፊው ይታመናል። በአሥር መጻሕፍት የተከፈሉ 1,028 መዝሙራት አሉት። ቋንቋው ከክላሲካሉ በላይ የበዛ የግስ ቅርጽ ይዟል፤ ክላሲካሉ በአንድ ዐይነት ብቻ የሚገልጸውን ንዑስ አንቀጽ እርሱ በብዙ ዐይነት ይገልጸዋል፤ ግሱን የሚያሟላው ቅጥያ ከግሱ ተለይቶ ራቅ ብሎ ሊቀመጥ ይችላል። ከሁሉም በላይ እያንዳንዱ ቃል የድምፅ ከፍታና ዝቅታ አለው፤ ክላሲካሉ ይህን ጥሎታል። በታተሙት መጻሕፍት ላይ ከፊደሉ በላይና በታች የሚታዩት ትናንሽ ጭረቶች ይህን የሚያመለክቱ ናቸው።

የሪግቬዳ መክፈቻ «አግኒም ኢሌ ፑሮሂተም» ብሎ ይጀምራል፤ አግኒን፣ ማለትም እሳትን፣ በፊት የተሾመውን ካህን አመሰግናለሁ ማለት ነው። የሚቀጥሉት ቃላትም የመሥዋዕቱን አምላክ፣ ሥርዓቱን የሚፈጽመውን፣ ጠሪውን፣ ሀብትን አብዝቶ የሚሰጠውን እያሉ በተሳቢነት ይደረደራሉ፤ በአማርኛ ሁሉም «ን»ን ይወስዳሉ። ስንኙ ስምንት ስምንት ቀለም ባላቸው ሦስት ሐረጎች ያልቃል። ይህ መዝሙር ቀላል ነው፤ ብዙዎቹ ግን አይደሉም። ባለቅኔዎቹ ሆን ብለው ሰውረው የተናገሯቸው፣ ትርጉማቸው እስከ ዛሬ የሚያከራክር ቃላትና ምስሎች በብዛት አሉ። ያስካ የተባለው ጥንታዊ ሊቅ ገና በዚያ ዘመን የከበዱ የቬዳ ቃላትን የሚፈታ መጽሐፍ ማዘጋጀቱ፣ ቋንቋው ለባለቤቶቹም አስቀድሞ እንደ ራቀ ያሳያል።

ቬዳ ለብዙ መቶ ዓመታት የተላለፈው በጽሑፍ ሳይሆን በቃል ነው። ተማሪው ስንኙን በተያያዘ ንባብ ካጠና በኋላ ቃል በቃል ነጥሎ ይለዋል፤ ቀጥሎም እያጣመረና እየገለበጠ ይደግመዋል። «ጋና» በተባለው ከባዱ ስልት፣ ቃላቱን በቁጥር ብንወክላቸው፣ አንድ ሁለት፣ ሁለት አንድ፣ አንድ ሁለት ሦስት፣ ሦስት ሁለት አንድ፣ አንድ ሁለት ሦስት እያለ ወደፊት ይሄዳል። አንዲት ድምፅ ብትዛባ ወዲያው ትታወቃለች። ዩኔስኮ ይህን የቬዳ ዜማ ትውፊት በ2003 የሰው ልጅ የማይዳሰስ ቅርስ አድርጎ አውጇል፤ በ2008ም በዝርዝሩ ውስጥ አስገብቶታል። ስለዚህ ቬዳን የሚመርጥ ሰው ዜማውን ሳይሰማ በመጽሐፍ ብቻ ማጥናቱ አይበቃውም።

ከሁለቱ የቱ ይቅደም ለሚለው መልሱ ለአብዛኛው ሰው ክላሲካሉ ነው። ከክላሲካሉ ወደ ቬዳው መሻገር የተለመደና የተጠረገ መንገድ ነው፤ መማሪያዎቹም መዛግብተ ቃላቱም የተዘጋጁት በዚህ ቅደም ተከተል ነው። ከዚህ የተለየ ምክር የሚገባው የቋንቋ ታሪክ አጥኚ ነው። ዊልያም ጆንስ በ1786 በካልካታ ባደረገው ንግግር ሳንስክሪት ከግሪክና ከላቲን ጋር ከአንድ ምንጭ የወጣ መሆኑን ካመለከተ ወዲህ፣ የኢንዶ አውሮፓ ቋንቋዎችን ዝምድና የሚመረምር ሰው ከሁሉ በላይ የሚፈልገው የቬዳውን ቅርጽ ስለሆነ ቶሎ ወደዚያ ቢሄድ ይሻለዋል።

ታሚል፦ ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው አማራጭ

የሂንዱ ቅዱሳት መጻሕፍት ሁሉ በሳንስክሪት ናቸው የሚለው አስተሳሰብ ደቡብ ሕንድን ይረሳል። ታሚል ከድራቪዲያን የቋንቋ ቤተሰብ የሚመደብ ሲሆን፣ አልቫር የተባሉ አሥራ ሁለት የቪሽኑ አፍቃሪ ቅዱሳን የደረሷቸው 4,000 ስንኞች «ናላዪራ ዲቭያ ፕራባንዳም» በሚል ስም ተሰብስበው በቤተ መቅደስ ሥርዓት ውስጥ ከሳንስክሪቱ ቬዳ ጎን ይዜማሉ። የሺቫ ምእመናንም አፓር፣ ሳምባንዳርና ሱንዳራር የዘመሯቸውን የቴቫራም መዝሙራት እንዲሁ ያከብራሉ።

ከአልቫሮቹ መካከል አንዷ ሴት ናት፤ አንዳል ትባላለች። ቲሩፓቫይ የተባለው ድርሰቷ 30 ስንኞች ብቻ ሲሆን፣ በታኅሣሥና በጥር መካከል በሚውለው የማርገዢ ወር በየማለዳው ይዘመራል። ለታሚል ጀማሪ ከዚህ የተሻለ መግቢያ አይገኝም፤ አጭር ነው፣ ሕያው ነው፣ የድምፅ ቅጂውም በቀላሉ ይገኛል። ችግሩ የጥንቱ ታሚል ከዛሬው መለየቱና ለውጭ ተማሪ የተዘጋጁ መማሪያዎች ከሳንስክሪቱ ማነሳቸው ነው። መምህር የሌለው ሰው በታሚል ከመጀመሩ በፊት ደጋግሞ ያስብ። ታሚል ናዱ ለመኖር የሚሄድ ወይም ታሚል የሚናገሩ ወዳጆች ያሉት ሰው ግን ያለ ጥርጥር ይህን ይምረጥ።

በባሕረ ሰላጤው አገሮች ከሕንዳውያን ጋር አብሮ እየሠራ ሂንዲ የለመደ ሰው ደግሞ ሌላ አጭር መንገድ አለው። ቱልሲዳስ በ1574 መጻፍ የጀመረው የራማ ታሪክ የተደረሰው በአዋዲ ሲሆን፣ ይህ ቋንቋ ለሂንዲ ቅርብ ነው። በሰሜን ሕንድ ካሉ ሰዎች ብዙዎቹ ራማን የሚያውቁት ከሳንስክሪቱ ይልቅ በዚህ ድርሰት ነው። ፓሊን የሚጠቅሱ ዝርዝሮች ያጋጠሙት አንባቢ ግን ፓሊ የቡድሂስቶች መጻሕፍት ቋንቋ መሆኑን ይወቅ፤ ለሂንዱ መጻሕፍት አያስፈልገውም።

ፊደሉን በተመለከተ

ሳንስክሪት ዛሬ አብዛኛውን ጊዜ የሚጻፍበት ዴቫናጋሪ የተባለው ፊደል ከግእዝ ፊደል ጋር በአሠራሩ ይቀራረባል። እያንዳንዱ ተነባቢ አጭር አናባቢ ይዞ ይነበባል፤ ሌሎቹ አናባቢዎች ደግሞ በፊደሉ ላይ በሚጨመሩ ምልክቶች ይታወቃሉ። ስለዚህ ሀሁ ያጠና ሰው የአጻጻፉን ጠባይ ለመረዳት አይቸገርም፤ በጥቂት ሳምንታት የዘወትር ልምምድ ይለምደዋል። አዲስ የሚሆንበት ነገር አናባቢ በቃል መጀመሪያ ሲመጣ ራሱን የቻለ ፊደል መኖሩና ሁለት ሦስት ተነባቢዎች ሲጋጠሙ አንድ ላይ ተዋሕደው መጻፋቸው ነው።

ሳንስክሪትን በእኛ ፊደል መጻፍም ከሚገመተው በላይ ይቻላል፤ ግእዝና ራብዕ የሳንስክሪትን አጭርና ረጅም «አ» ለይተው ያሳያሉ፤ ከላይ ያለውም የጊታ ስንኝ የተጻፈው በዚህ መንገድ ነው። ሆኖም ትንፋሽ የሚከተላቸውን ተነባቢዎችና ምላስ ወደ ላንቃ ታጥፎ የሚነገሩትን ድምፆች ፊደላችን አይለያቸውም። ጀማሪው በተለይ ትንፋሽ ያለበትን «ከ» በ«ቀ»፣ «ተ»ን በ«ጠ» ለመተካት አይሞክር፤ የእኛ ጠበቅ ያሉ ድምፆች በሳንስክሪት የሉም። ከዴቫናጋሪ ጎን ለጎን ነጥብና ሰረዝ የሚጨመርበትን የላቲን አጻጻፍም ገና በመጀመሪያው ወር ማወቅ ያስፈልጋል፤ መዛግብተ ቃላቱና በኢንተርኔት የሚገኙት የጽሑፍ ክምችቶች አብዛኞቹ በዚያ ስለሚጠቀሙ ነው።

በመጀመሪያ የሚነበበው መጽሐፍ

የጸሐፊው ምርጫ ብሃጋቫድ ጊታ ነው። 18 ምዕራፎችና 700 ስንኞች አሉት፤ በኩሩክሼትራ የጦር ሜዳ አርጁና ከዘመዶቹ ጋር መዋጋት አስጨንቆት ቀስቱን ሲጥል፣ ሠረገላውን የሚነዳለት ክሪሽና የሚሰጠውን ትምህርት የያዘ የማሃባራታ ክፍል ነው። አብዛኛው ስንኝ ሠላሳ ሁለት ቀለም ባለው የተለመደ ምጣኔ የተገጠመ ስለሆነ ጆሮ ቶሎ ይለምደዋል፤ ቃላቱም እየተደጋገሙ ይመጣሉ። የመጀመሪያው ምዕራፍ ትረካ ስለሆነ ለሰዋስው ልምምድ ይመቻል፤ ጥልቁ ትምህርት የሚጀምረው ከሁለተኛው ነው። ድካሙ ያለው «ዮጋ»፣ «ዳርማ»፣ «አትማን» የሚሉት ቃላት ከቦታ ቦታ ፍቺያቸውን መለዋወጣቸው ላይ ነው፤ አንድ የአማርኛ ቃል መርጦ በሁሉም ቦታ መሰንቀር ያሳስታል።

ሃይማኖታዊ ክርክር ውስጥ ሳይገባ ቋንቋውን ብቻ መልመድ የሚፈልግ ሰው ከማሃባራታ የናላንና የዳማያንቲን ታሪክ ይውሰድ። ፍራንስ ቦፕ በ1819 ከላቲን ትርጉም ጋር ካሳተመው ወዲህ በአውሮፓ ብዙ የሳንስክሪት ተማሪዎች የሚጀምሩበት ትረካ ሆኗል። ራማያና በትውፊት 24,000፣ ማሃባራታ 100,000 ስንኞች እንዳሏቸው ስለሚነገር፣ ከእነርሱ ክፍል መርጦ እንጂ ሁሉን አነባለሁ ብሎ መጀመር አይበጅም።

ኡፓኒሻዶችን ከጊታ ቀጥሎ ማድረስ ይገባል። በትውፊት የሚቆጠሩት 108 ቢሆኑም፣ ጥንታውያንና ዋነኞች የሚባሉት ከአሥር እስከ አሥራ ሦስት ያህል ናቸው። ብሪሃዳራንያካና ቻንዶግያ ረጃጅምና በዝርው የተጻፉ ሲሆኑ ቋንቋቸው ለቬዳው ይቀርባል። ካታ ግን ናቺኬታስ የተባለ ልጅ ሞትን ራሱን ስለ ሞት ሲጠይቀው የሚያሳይ፣ በግጥም የተጻፈ፣ ለጀማሪ የሚመች ድርሰት ነው። በእርሱ ተጀምሮ ወደ ቻንዶግያ ስድስተኛው ምዕራፍ መሻገር ጥሩ ቅደም ተከተል ነው።

ይህን ምዕራፍ ጠጋ ብሎ ማየት ቋንቋውን መማር ለምን እንደሚያስፈልግ ያሳያል። ሽቬታኬቱ በአሥራ ሁለት ዓመቱ ወደ መምህር ሄዶ፣ ቬዳዎችን ሁሉ ተምሮ፣ በሃያ አራት ዓመቱ በዕውቀቱ ኮርቶ ይመለሳል። አባቱ ኡዳላካ ጨው በውኃ ውስጥ እንዲጨምርና በማግሥቱ እንዲያመጣው ያዘዋል። ልጁ ጨዉን ፈልጎ ያጣዋል። አባቱ ከላይ፣ ከመካከልና ከታች እንዲቀምስ ያደርገዋል፤ በሁሉም በኩል ጨው ነው። የማይታየው በሁሉ ውስጥ እንዳለ እንዲህ ካስረዳው በኋላ «ተት ትቨም አሲ» ይለዋል፤ ያ አንተ ነህ ማለት ነው። ቃሉ በምዕራፉ ውስጥ ዘጠኝ ጊዜ ይደገማል። በ8ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ገደማ የነበረው ሻንካራ በዚህ ላይ ተመሥርቶ የሰው ነፍስና የሁለንተና መሠረት የሆነው ብራህማን ፍጹም አንድ ናቸው ብሎ አስተማረ። በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የነበረው ማድቫ ግን ከፊቱ ያለው ቃል «ኣትማ» በረጅም አናባቢ ስለሚያልቅ፣ ተከትሎት የመጣ አጭር አናባቢ በሳንዲ ደንብ ተውጦ ሊቀር እንደሚችል አስተዋለ፤ ስለዚህ «ተት» ሳይሆን «አተት» ተብሎ መቆረጥ አለበት አለ። ያኔ ፍቺው ያ አንተ አይደለህም ይሆናል። ዛሬ ያሉ ተመራማሪዎች አብዛኞቹ የማድቫን አቆራረጥ አይቀበሉትም፤ ሆኖም ሰዋስዉ ራሱ አይከለክለውም። ትርጉም ብቻ የሚያነብ ሰው ይህ ክርክር መኖሩን እንኳ አያውቅም።

ትርጉሞችና ሐተታዎች ሲመረጡ

በራሱ አቅም እስኪያነብ ድረስ ማንኛውም ሰው በትርጉም መደገፉ አይቀርም። ዋጋ የማይጠየቅባቸው ትርጉሞች አብዛኞቹ የ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ሥራዎች ናቸው፤ ከእነርሱም ውስጥ ማክስ ሙለር የመራቸውና ከ1879 እስከ 1910 በ50 ጥራዝ የወጡት የምሥራቅ ቅዱሳት መጻሕፍት ትርጉሞች ይገኙበታል። ለመነሻ ያገለግላሉ፤ ነገር ግን ከእነርሱ በኋላ ብዙ ተመርምሯል። ለኡፓኒሻዶች የፓትሪክ ኦሊቬል የ1996 ትርጉም፣ ለሪግቬዳ ደግሞ ስቴፋኒ ጃሚሰንና ጆኤል ብሬረተን በ2014 በሦስት ጥራዝ ያሳተሙት ይሻላሉ። የኋለኛው ዋጋው ከባድ ስለሆነ በቤተ መጻሕፍት መፈለግ ይመረጣል። በትርጉም ላይ የተመሠረተ ትርጉም መሆኑን ማጣራትም ይገባል፤ የሙጋሉ ልዑል ዳራ ሹኮህ በ1657 ኡፓኒሻዶችን በፋርስኛ አስተረጎመ፤ ከዚያ ላይ በ1801 እና በ1802 የወጣው የላቲን ትርጉም አውሮፓን ቢያነቃቃም ከምንጩ ሁለት እርምጃ የራቀ ነበር።

ሐተታዎቹን በተመለከተ፣ የእኛን የአንድምታ ትርጓሜ የሚያውቅ አንባቢ ነገሩን ቶሎ ይረዳዋል፤ በዚያም ንባቡ ቃል በቃል ይፈታል፣ የተቃዋሚ ሐሳብ ተነሥቶ መልስ ይሰጠዋል። ልዩነቱ አንዱን ንባብ ይዘው ፈጽመው የሚቃረኑ ቤቶች መኖራቸው ነው። የሻንካራን ብቻ ያነበበ ጊታ ስለ ዕውቀት እንጂ ስለ ሌላ አይናገርም ሊል ይችላል፤ ለአምላክ ፍቅርና መገዛትን የሚያስቀድመውን የራማኑጃን ሐተታ ጎን ለጎን ማየት ሚዛን ይሰጣል። ለሪግቬዳ የ14ኛው መቶ ክፍለ ዘመኑ የሳያና ሐተታ የማይታለፍ ነው፤ ሆኖም ከመዝሙራቱ ሁለት ሺህ ዓመት በላይ ዘግይቶ የተጻፈ መሆኑን ማስታወስ ያስፈልጋል።

የትምህርቱ ስልትና ቦታ

ሦስት ስልቶች አሉ። የመጀመሪያው በምዕራባውያን ዩኒቨርሲቲዎች የተለመደው ሲሆን፣ ሰንጠረዦችን አጥንቶ በመዝገበ ቃላት ወደ ንባብ መግባት ነው። ያለ መምህር ለሚጀምር ሰው የሚሆነው ይህ ብቻ ነው ለማለት ይቻላል። የሩፐል የ2017 የካምብሪጅ መግቢያ ለዚህ የተመቸ ነው፤ የዊትኒ የ1879 ሰዋስው ግን ለማመሳከሪያ እንጂ ለመማሪያ አይደለም። የሞኒየር ዊሊያምስ የ1899 መዝገበ ቃላት በኮሎኝ ዩኒቨርሲቲ ገጽ ላይ በነፃ ይገኛል። ወደ ቬዳ ለሚሻገር ሰው 30 መዝሙራትን ከነሙሉ ማብራሪያቸው የያዘው የማክዶኔል የ1917 ማንበቢያ እስከ ዛሬ ተተኪ አልተገኘለትም ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ሁለተኛው የፓኒኒን ደንቦች በቃል አጥንቶ ከዚያ መነሣት ነው። ጥልቀቱ ወደር የለውም፤ የሐተታ ጸሐፊዎቹን የሰዋስው ክርክር በቀጥታ ለመከተል ያስችላል። ነገር ግን ዓመታትን ይጠይቃል፤ ያለ መምህርም አይሞከርም። ሦስተኛው ቋንቋውን እየተናገሩ መማር ነው፤ በ1981 የተቋቋመው ሳምስክሪታ ባራቲ በዚህ ይታወቃል። ጆሮና አፍ ይከፍታል፣ ፍርሃትን ያርቃል፤ የሚለመደው ቀላል አነጋገር ግን ለብቻው የኡፓኒሻድን ንባብ አያስችልም። ከመጀመሪያው ስልት ጋር ቢጣመር ግን እጅግ ይረዳል።

ቤት ተቀምጦ፣ በቀን አንድ ሰዓት ያህል ሳያቋርጥ የሚያጠና ሰው ከአንድ እስከ ሁለት ዓመት ባለው ጊዜ ውስጥ ጊታን በመዝገበ ቃላት እየታገዘ ወደ ማንበብ ይደርሳል ብሎ መጠበቅ ተገቢ ነው። በዲግሪ ደረጃ የሚሻ በአውሮፓም በአሜሪካም ሰፊ ምርጫ አለው፤ ኦክስፎርድ ከ1832 ጀምሮ የሳንስክሪት ፕሮፌሰርነት ወንበር አለው፤ ሃይድልበርግም በደቡብ እስያ ጥናት የታወቀ ነው። ሲያትልና አካባቢው ለሚኖሩ ኢትዮጵያውያን የዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ ቅርብ ነው። የትምህርት ክፍሉ ስም ግን አያሳስት፤ የሃይማኖት ጥናት የሚባለው ክፍል ቋንቋውን ላያስገድድ፣ የቋንቋ ጥናት የሚባለውም ሃይማኖቱን ላያስተምር ይችላል። ከማመልከት በፊት ስንት ሴሚስተር ሳንስክሪት እንደሚሰጥና በምን ጽሑፍ ላይ ንባብ እንደሚደረግ በደብዳቤ ጠይቆ ማወቅ ይበጃል።

ሕንድ ለመሄድ የሚያስብ ሰው ከሁለት ከተሞች አንዱን ይመርጣል። ፑኔ የጽሑፍ ምርምር ከተማ ናት፤ በ1917 የተመሠረተው የባንዳርካር ተቋም ከ1919 እስከ 1966 ብዙ የብራና ቅጂዎችን አነጻጽሮ የማሃባራታን የተጣራ እትም ያዘጋጀው በዚያ ነው፤ የሪግቬዳ የእጅ ጽሑፎቹም በ2007 በዩኔስኮ የዓለም መታሰቢያ መዝገብ ገብተዋል። ቅጂዎችን ማመሳከርና የንባብ ልዩነትን መመርመር የሚወድድ፣ ለምሳሌ በግእዝ ብራናዎች ላይ የሠራ ተማሪ፣ እዚያ በቤቱ እንዳለ ሊሰማው ይችላል። ቫራናሲ ደግሞ የሕያው ትውፊት ከተማ ናት፤ በ1791 የሳንስክሪት ኮሌጅ ሆኖ የተመሠረተው የዛሬው ሳምፑርናናንድ ዩኒቨርሲቲና በ1916 የተቋቋመው የባናራስ ሂንዱ ዩኒቨርሲቲ ያሉት በዚያ ነው፤ በየጎዳናውም ከመምህር እግር ሥር ተቀምጠው ሐተታ የሚያነቡ ተማሪዎች አሉ። የሕንድ የባህል ግንኙነት ምክር ቤት ለአፍሪካ ተማሪዎች የነፃ ትምህርት ዕድል ስለሚሰጥ፣ የየዓመቱን ማስታወቂያ አዲስ አበባ ከሚገኘው የሕንድ ኤምባሲ መከታተል ይጠቅማል። ወደ ቫራናሲ የሚሄድ ሰው ብዙ ትምህርት በሂንዲ ወይም በሳንስክሪት በራሱ እንደሚሰጥ አውቆ አስቀድሞ ሂንዲ ይጀምር፤ ፑኔን የመረጠም ቢያንስ የሰዋስውን መሠረት ጨርሶ፣ ጊታን ጀምሮ ቢሄድ በዚያ የሚቆይበትን ጊዜ ፊደል በመቁጠር አያጠፋውም።